ኦርቪዬቶ፦ በአምባ ላይ የቆመች ከተማና የውሃዋ ታሪክ

ከሮማ ተነሥቶ ወደ ፊሬንዜ የሚያመራው የባቡር ሐዲድ የቲቤርን ወንዝ ተከትሎ ወደ ሰሜን ከ100 ኪሎ ሜትር በላይ ከተጓዘ በኋላ ወደ ፓሊያ ወንዝ ሸለቆ ይገባል። በዚህ ሸለቆ መካከል፣ ወይንና ወይራ ከለበሱት የአካባቢው ኮረብታዎች ተነጥሎ፣ አናቱ ጠፍጣፋ ጎኑ ገደል የሆነ አንድ አምባ ብቻውን ቆሞ ይታያል። በአምባው ላይ የተጠጋጉ የሸክላ ጣሪያዎች፣ ጥቂት ማማዎች፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ የአንድ ታላቅ ካቴድራል ሹል ጫፎች ጎልተው ይወጣሉ። ይህች ከተማ በኡምብሪያ ክፍለ ሀገር የምትገኘው ኦርቪዬቶ ናት።

ኦርቪዬቶ ትንሽ ከተማ ናት። በአስተዳደሯ ሥር የሚኖረው ሕዝብ በጠቅላላው 20,000 ያህል ሲሆን፣ ከዚህም ውስጥ በአምባው ላይ የሚኖረው ጥቂቱ ክፍል ብቻ ነው። ሆኖም ታሪኳ ከትንሽነቷ ጋር የሚመጣጠን አይደለም። የኤትሩስካውያን ታላቅ ከተማ፣ የሮማ ጦር ያፈረሳት ባድማ፣ ራሷን የቻለች የመካከለኛው ዘመን ከተማ፣ የርዕሳነ ሊቃነ ጳጳሳት መሸሸጊያ ሆና አልፋለች። በእነዚህ ዘመናት ሁሉ የነዋሪዎቿን እጅና አእምሮ ያስጨነቀ አንድ ጉዳይ ነበር፤ ይኸውም የውሃ ጉዳይ ነው። ውሃን ወደ አምባው እንዴት ማውጣት ይቻላል የሚለው ጥያቄ ከ2,000 ዓመታት በላይ ሲያደክማቸው ኖረ። ጥያቄው መልስ ባገኘ ጊዜ ግን ሌላ ጥያቄ ተተካ፤ የወጣው ውሃ ከተማይቱን ሳይጎዳ እንዴት ይውረድ የሚል ነው። የኦርቪዬቶ ታሪክ ለመሐንዲስ ልዩ ትርጉም የሚኖረው በዚህ ምክንያት ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።)

የአምባው አፈጣጠር

ስለ ኦርቪዬቶ የሚነገር ማናቸውም ነገር ከድንጋዩ መጀመር ይኖርበታል። ከከተማይቱ በስተ ደቡብ ምዕራብ፣ ዛሬ የቦልሴና ሐይቅ በተኛበት አካባቢ፣ በጥንት ዘመን እሳተ ገሞራዎች ይፈነዱ ነበር። ከ300,000 ዓመታት በላይ አስቀድሞ ከእነዚሁ እሳተ ገሞራዎች የወጣው ትኩስ አመድና የድንጋይ ስብርባሪ አገሩን ሸፈነው፤ እየቀዘቀዘና እየተጣበቀ ሲሄድም ጣሊያኖች «ቱፎ» የሚሉት ድንጋይ ሆነ። ከዚያ በኋላ ወንዞች ለረጅም ዘመን ዙሪያውን እየሸረሸሩ ሲወስዱት፣ ከሽርሸራው የተረፈው ቁራጭ ዛሬ የሚታየው አምባ ሆኖ ቀረ። ርዝመቱ 1.5 ኪሎ ሜትር፣ ስፋቱ 700 ሜትር ያህል ሲሆን፣ ከባሕር ወለል በላይ 325 ሜትር ገደማ ከፍ ይላል። የገደሉ ቁመት በአንዳንድ ስፍራ ከ50 ሜትር ይበልጣል።

የዚህ አምባ ጠባይ በሁለት ነገሮች ይወሰናል። አንደኛው፣ ቱፎ ለመቆፈር ቀላል፣ ተቆፍሮም ለመቆም የሚበቃ ጥንካሬ ያለው ድንጋይ መሆኑ ነው፤ በዶማና በመሮ ይፈለፈላል፣ ተጠርቦም ለግንብ ይሆናል። ሁለተኛው፣ ድንጋዩ የተቀመጠው በሌላ ድንጋይ ላይ ሳይሆን፣ ጥንት ከባሕር ሥር በተጠራቀመ ሸክላ አፈር ላይ መሆኑ ነው። በድንጋዩና በሸክላው መካከልም የአሸዋ፣ የጠጠርና የደለል ንጣፍ ይገኛል። ዝናብ በአምባው ላይ ሲወርድ በቱፎው ስንጥቆች ሰርጎ ይገባል፤ ሸክላውን ሲያገኝ ግን ማለፍ ስለማይችል ወደ ጎን እየፈሰሰ በገደሉ ግርጌ ምንጭ ሆኖ ይወጣል። በዚህም የተነሣ ምንጮቹ ሁሉ ከታች ሲሆኑ፣ አናቱ ላይ አንድም የለም። ጠላትን የሚከለክለው ገደል ነዋሪውን ከውሃው የሚለየው ገደል ራሱ ነው።

የኤትሩስካውያን ከተማ

በዚህ አምባ ላይ ቀደምት ሰፋሪዎች ከነበሩ በኋላ ታላቅ ከተማ የመሠረቱት ከሮማ መንግሥት አስቀድሞ መካከለኛውን ኢጣሊያ ይገዙ የነበሩት ኤትሩስካውያን ናቸው። እነርሱ ከተማይቱን ቬልዝና ሲሏት፣ ሮማውያን ደግሞ ቮልሲኒ ይሏት ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ6ኛውና በ5ኛው መቶ ዓመት ብልጽግናዋ ከፍተኛ ደረጃ ላይ ደርሶ ነበር። ለዚህም ምስክር ከሚሆኑት ቅርሶች ዋነኛው በአምባው ሰሜናዊ ግርጌ የሚገኘው «ክሮቺፊሶ ዴል ቱፎ» የተባለው የመቃብር ስፍራ ነው። መቃብሮቹ ከትልልቅ የቱፎ ጥርብ ድንጋዮች የታነጹ ትንንሽ ቤቶች ሲሆኑ፣ ቀጥ ባሉና በሚቋረጡ መንገዶች ግራና ቀኝ እንደ ከተማ ሠፈር ተደርድረዋል። በየበሩ ጉበን ላይ የባለቤቱ ስም ተቀርጿል። ሊቃውንት ስሞቹን መርምረው ብዙዎቹ የኤትሩስክ ስሞች ሆነው፣ ከመካከላቸው ግን ከሌሎች ሕዝቦች የመጡ ሰዎች ስሞች መኖራቸውን ተገንዝበዋል። ይህም ከተማይቱ ባይተዋሩን ተቀብላ፣ ቤተሰብና ርስት አስይዛ ታኖር እንደነበር ያመለክታል። የመቃብሮቹ መጠን እምብዛም የማይለያይ መሆኑም ልብ የሚባል ነው።

ውሃ የማግኘት ብልሃትም የተጀመረው በእነዚህ ሰዎች ነው። ኤትሩስካውያን በቱፎው ውስጥ አራት ማዕዘን አፍ ያላቸው፣ ወርዳቸው 80 በ120 ሳንቲ ሜትር የሚሆን ጠባብ ጉድጓዶች በቀጥታ ወደ ታች ቆፈሩ። ቆፋሪው እየወረደ ሲሄድ በሁለቱ ተቃራኒ ግድግዳዎች ላይ ለእጅና ለእግር መያዣ የሚሆኑ ቀዳዳዎችን ያበጅ ነበርና፣ ያለ መሰላል ይወርድና ይወጣ ነበር። የጉድጓዶቹ ስፋት ከአንድ ሰው ትከሻ ብዙም የማይበልጥ መሆኑ ሥራው ምን ያህል አድካሚና አስፈሪ እንደነበረ ያስገነዝባል። የዝናብ ውሃ የሚጠራቀምባቸው ዋሻዎችና ውሃውን የሚመሩ ቦዮችም በዚሁ ዘመን ተሠርተዋል።

የከተማይቱ ፍጻሜ የመጣው ከውስጧ ነው። የጥንት ጸሐፊዎች እንደሚተርኩት፣ በከተማይቱ ነፃ የወጡ ባሮች ሥልጣኑን ከመኳንንቱ እጅ ወሰዱ፤ መኳንንቱም በምስጢር ወደ ሮማ ልከው እርዳታ ለመኑ። የሮማ ጦር መጣ፤ ነገር ግን የመጣው የጠሩትን መኳንንት ወደ ክብራቸው ለመመለስ ብቻ አልነበረም። ከረጅም ከበባ በኋላ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ264 ዓመት ቆንሲሉ ማርኩስ ፉልቪዩስ ፍላኩስ ከተማይቱን ያዘ፤ አፈረሳትም። የተረፈው ሕዝብ ተግዞ በቦልሴና ሐይቅ ዳር በተቈረቈረች አዲስ ከተማ እንዲሰፍር ተደረገ። ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒ፣ ጦርነቱ የተነሣው በከተማይቱ ለነበሩት 2,000 የነሐስ ሐውልቶች ሲባል ነው የሚል ክስ በዘመኑ ይሰማ እንደነበር መዝግቧል። በሮማ በተገኘ አንድ የሐውልት መቆሚያ ድንጋይ ላይም የፍላኩስ ስም ከተያዘችው ከተማ ስም ጋር ተጽፎ ተገኝቷል።

ከባድማነት ወደ ነፃ ከተማነት

አምባው ከዚህ በኋላ ለብዙ መቶ ዓመታት ጸጥ ብሎ ኖረ። የሮማ መንግሥት ተዳክሞ ሜዳው ለወራሪ በተጋለጠ ጊዜ ግን ሰዎች ወደ ከፍታው ተመለሱ። የዛሬው ስሟ የመጣው በላቲን «አሮጌ ከተማ» ማለት ከሆነው «ኡርብስ ቬቱስ» ነው። በ538 ዓ.ም. የቢዛንታይኑ የጦር አለቃ ቤሊሳሪዮስ በጎቶች እጅ የነበረችውን ይህችን ከተማ ከበበ። የዘመኑ ታሪክ ጸሐፊ ፕሮኮፒዮስ ስፍራውን ሲገልጽ፣ አምባው ከዝቅተኛው መሬት ብቻውን የተነሣ፣ ዙሪያው ገደል፣ መግቢያውም አንድ ብቻ መሆኑን ያትታል። ቤሊሳሪዮስ ገደሉን በጦር መሣሪያ አልሞከረውም፤ መግቢያውን ዘግቶ ረኃብ ሥራውን እስኪሠራ ጠበቀ። ተከባቢዎቹ የደረቀ ቆዳ በውሃ እያራሱ እስከ መብላት ከደረሱ በኋላ ከተማይቱ እጅ ሰጠች። ይህ ከበባ የአምባ ምሽግ ብርታትና ድካም ምን እንደሆነ በግልጽ አሳየ፤ ገደል ሰውን ያግዳል፣ ረኃብንና ጥምን ግን አያግድም።

ከ12ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ ኦርቪዬቶ ራሷን በራሷ የምታስተዳድር ነፃ ከተማ ሆነች፤ በ1157 ከርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት አድሪያኖስ 4ኛ ጋር ያደረገችው ስምምነትም ለዚህ መብቷ እውቅና የሰጠ ነበር። የዕደ ጥበብ ሠራተኞችና ነጋዴዎች በየሙያቸው ማኅበር እየተደራጁ በአስተዳደሩ ውስጥ ድርሻ ያዙ። የሕዝቡ አዳራሽ «ፓላዞ ዴል ፖፖሎ»፣ 47 ሜትር የሚረዝመው «የሞሮ ማማ» እና ብዙዎቹ አብያተ ክርስቲያናት የተሠሩት በዚሁ ዘመን ነው። የሙያ ማኅበራቱ ምልክቶች የተቀረጹበት፣ በ1316 የተሠራው ደወል ዛሬም በሞሮ ማማ ላይ ይገኛል።

በ13ኛው መቶ ዓመት ሁለተኛ አጋማሽ ከተማይቱ ትልቅ የውሃ ሥራ አካሄደች። በስተ ደቡብ ምዕራብ ካለው ከአልፊና ደጋ ውሃ ተጠልፎ ወደ አምባው እንዲመጣ ተደረገ። አምባው ከዙሪያው ተራሮች የተነጠለ በመሆኑ ውሃው መጀመሪያ ወደ ሸለቆው መውረድ፣ ከዚያም በራሱ ግፊት ገደሉን ወደ ላይ መውጣት ነበረበት። ለዚያ ዘመን ጥበብ ይህ ቀላል ሥራ አልነበረም። ሆኖም ግፊት ያለበት መስመር ዘወትር ጥገና ይጠይቃል፤ ከበባ ያደረገ ጠላትም ቆርጦ ሊጥለው ይችላል። ስለዚህ ሕዝቡ የዝናብ ውሃ ማጠራቀሚያዎቹን ከቶ አልተዋቸውም።

ካቴድራሉ

በዚሁ መቶ ዓመት ርዕሳነ ሊቃነ ጳጳሳቱ ከሮማ ሁከት ለመራቅ በኦርቪዬቶ ደጋግመው ይቀመጡ ነበር። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ኡርባኖስ 4ኛ በከተማይቱ ሳሉ፣ በ1263 በቦልሴና አንድ ካህን ቅዳሴ ሲያደርስ ከቅዱስ ቁርባኑ ደም ፈስሶ የመሠዊያውን ጨርቅ እንዳራሰው የሚነገረው ተአምር ተሰማ። በትውፊቱ መሠረት ጨርቁ ወደ ኦርቪዬቶ ተወሰደ። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱም ነሐሴ 11 ቀን 1264 (በአውሮፓ አቆጣጠር) ከዚሁ ከተማ ባወጡት ድንጋጌ «ኮርፑስ ዶሚኒ» የተባለው የክርስቶስ ሥጋ በዓል በመላው የካቶሊክ ዓለም እንዲከበር አዘዙ። በዚያን ጊዜ ታላቁ የነገረ መለኮት ሊቅ ቶማስ አኩዊናስ በኦርቪዬቶ ያስተምር ነበር።

የካቴድራሉ መሠረት በኅዳር ወር 1290 በርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ኒኮላስ 4ኛ እጅ ተጣለ። ሥራው በተጀመረ በ20 ዓመት ውስጥ ግን ግንቦቹ እንዳይናዱ ስጋት ተፈጠረ። የከተማይቱ ሹማምንት ከሲየና ሎሬንዞ ማይታኒ የተባለውን የሕንፃ ጠቢብ አስጠርተው በ1310 የሥራው ዋና አለቃ አድርገው ሾሙት። ማይታኒ ግንቦቹን በውጭ ደጋፊ ቅስቶች አጠናከረ፤ ስጋቱም ተወገደ። እነዚህ ደጋፊዎች በእርግጥ አስፈላጊ ነበሩን ወይስ አልነበሩም የሚለው ጉዳይ በኋለኞቹ ሊቃውንት ዘንድ አከራካሪ ሆኗል። ያም ሆነ ይህ፣ ከጊዜ በኋላ የተሠሩት የጎን ጸሎት ቤቶች ደጋፊዎቹን በግድግዳቸው ውስጥ አስገብተዋቸዋል።

የማይታኒ ትልቁ ሥራ የሕንፃው የፊት ገጽ ነው። ለፊት ገጹ የተዘጋጁ ሁለት የብራና ንድፎች፣ አንዱ ባለ አንድ ሹል፣ ሌላው ባለ ሦስት ሹል፣ እስከ ዛሬ ተጠብቀው ይገኛሉ። የተሠራው ባለ ሦስቱ ነው። በበሮቹ መካከል ባሉት አራት ሰፋፊ ምሰሶዎች ላይ ከዓለም ፍጥረት እስከ መጨረሻው ፍርድ ድረስ ያለው ታሪክ በዕብነ በረድ ተቀርጿል። ማይታኒ በ1330 ከሞተ በኋላ ሥራው በብዙ አለቆች እጅ አለፈ፤ ከእነርሱም መካከል አንድሬያ ፒሳኖና ታላቁን ክብ መስኮት የሠራው አንድሬያ ኦርካኛ ይገኙበታል። በ1348 ታላቁ ወረርሽኝ ሕዝቡን ፈጀ፤ ሥራው ግን አልተቋረጠም። የፊት ገጹ ተሟልቶ ያለቀው መሠረቱ ከተጣለ ከ300 ዓመት ገደማ በኋላ ነው። የነሐስ በሮቹ ደግሞ የተገጠሙት በ1970 ሲሆን፣ የቀራፂው የኤሚሊዮ ግሬኮ ሥራዎች ናቸው።

ከካቴድራሉ አጠገብ አንድ ትንሽ ማማ ቆሟል፤ «የማውሪዚዮ ማማ» ይባላል። በ1347 እና በ1348 መካከል የታነጸው የካቴድራሉን ሠራተኞች የሥራ ሰዓት ለመቆጣጠር ነው። በላዩ የቆመ የነሐስ ሰው በመዶሻው ደወሉን እየመታ ሰዓቱን ያሰማል። የሥራ መግቢያና መውጫ ሰዓት በፀሐይና በአለቃ ፈቃድ ሳይሆን በማሽን መለካት ከተጀመረባቸው ጥንታዊ ስፍራዎች አንዱ መሆኑ ለሙያ ማኅበር አባላት ሁሉ ትኩረት የሚስብ ነው።

በውስጡ ካሉት ሥራዎች የላቀው የሳን ብሪዚዮ ጸሎት ቤት የግድግዳ ሥዕል ነው። ፍራ አንጀሊኮ በ1447 በጣሪያው ላይ ጀምሮ ተወው፤ ከ50 ዓመት በኋላ ሉካ ሲኞሬሊ ከ1499 እስከ 1504 ሠርቶ ፈጸመው። የሐሳዊው መሲሕ ስብከት፣ የሙታን ትንሣኤ፣ የኃጥአን ሥቃይ በእነዚህ ግድግዳዎች ላይ ተሥለዋል። የሰውን አካል በእንቅስቃሴ ውስጥ በማሳየት ረገድ ያስገኙት ውጤት ከፍተኛ በመሆኑ፣ ሚኬላንጀሎ ያደንቃቸው እንደነበር ቫዛሪ ጽፏል። ሲኞሬሊ በአንዱ ሥዕል ጥግ ራሱንና ቀዳሚውን ፍራ አንጀሊኮን ጎን ለጎን አቁሞ ሥሏል።

የስደተኛው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጉድጓድ

በግንቦት ወር 1527 የንጉሠ ነገሥቱ የካርል 5ኛ ጦር ሮማን ዘረፈ። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ቀሌምንጦስ 7ኛ በሳንታንጀሎ ምሽግ ለወራት ታግተው ከቆዩ በኋላ በታኅሣሥ ወር አምልጠው ኦርቪዬቶ ገቡ። የእንግሊዙ ንጉሥ የሄንሪ 8ኛ መልእክተኞች ስለ ጋብቻው መፍረስ ሊማለዱ የመጡትም ወደዚሁ መጠጊያ ነበር። በአምባው ላይ ከበባ ቢመጣ ውሃ ከየት ይገኛል የሚለው ጥያቄ የቀሌምንጦስ የመጀመሪያ ጭንቀት ሆነ። ስለዚህ የሕንፃ መሐንዲሳቸውን ታናሹን አንቶኒዮ ዳ ሳንጋሎን በምሽጉ አጠገብ፣ በገደሉ ግርጌ ወዳለው የምንጭ ውሃ የሚደርስ ጉድጓድ እንዲቆፍር አዘዙት።

ሳንጋሎ የገጠመው ችግር ጥልቀት ብቻ አልነበረም። 50 ሜትር ከሚያልፍ ጉድጓድ በገመድና በባልዲ ለአንድ ከተማ የሚበቃ ውሃ መቅዳት አይቻልም። ውሃውን በበቅሎ ማውጣት ያስፈልጋል፤ የምትወርደው በቅሎና የምትወጣው በቅሎ በጠባብ መንገድ ከተገናኙ ግን ሥራው ይቆማል። መልሱ በአንድ ጉድጓድ ዙሪያ ፈጽሞ የማይገናኙ ሁለት ጠመዝማዛ መንገዶችን መሥራት ሆነ። አንደኛው ለመውረጃ፣ ሌላኛው ለመውጫ ነው፤ እያንዳንዱም የየራሱ በር አለው፤ ከታች በውሃው ላይ በተሠራች ትንሽ ድልድይ ይገናኛሉ። ደረጃዎቹ 248 ሲሆኑ፣ ለበቅሎ እርምጃ እንዲመቹ ሰፋፊና ዝቅተኛ ተደርገዋል። ጉድጓዱ ወደ 54 ሜትር ይጠልቃል፤ ስፋቱ 13 ሜትር ያህል ነው። በውስጠኛው ግድግዳ ላይ የተከፈቱ 70 ያህል መስኮቶች ከላይ የሚገባውን ብርሃን ለመንገዶቹ ያካፍላሉ። የላይኛው ክፍል ከቱፎው ተፈልፍሎ የወጣ ሲሆን፣ ከድንጋዩ በታች ያለው ልል አፈር እንዳይናድ በሸክላ ጡብ ተገንብቷል።

ቀሌምንጦስ በ1528 ከተማይቱን ለቀው ሄዱ፤ ጉድጓዱን ሳያዩም አረፉ። ሥራው የተፈጸመው በ1537፣ በርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጳውሎስ 3ኛ ዘመን ነው። የተፈራው ከበባ ከቶ አልመጣም። በመግቢያው ላይ ያለው የላቲን ጽሑፍ፣ ተፈጥሮ ለምሽጉ የነፈገችውን የሰው ትጋት እንደጨመረለት ይናገራል። የዛሬው ስሙ «የቅዱስ ፓትሪክ ጉድጓድ» በአየርላንድ ካለው ጥልቅ ዋሻ ጋር በማመሳሰል ቆይቶ የተሰጠው ነው።

ከምድር በታች ያለችው ከተማ

የኦርቪዬቶ ሕዝብ የቆፈረው ለውሃ ብቻ አልነበረም። ከ2,500 ዓመታት በላይ በተካሄደ ቁፋሮ በአምባው ውስጥ 1,200 ያህል ዋሻዎች፣ ጉድጓዶችና መተላለፊያዎች ተፈጥረዋል። ከእነዚህም አንዳንዶቹ የወይን ጠጅ ማቆያ ናቸው፤ አየሩ በጋና ክረምት ሳይለይ ቀዝቃዛ በመሆኑ ለከተማይቱ ስመ ጥር ነጭ ወይን ጠጅ ተስማሚ ነው። አንዳንዶቹ የወይራ ዘይት መጭመቂያ፣ አንዳንዶቹም የሸክላ ዕቃ መተኮሻ ነበሩ። በገደሉ ዳር ያሉት ደግሞ በግድግዳቸው ላይ በመደዳ የተቦረቦሩ ትንንሽ ቀዳዳዎች ያሏቸው የርግብ ቤቶች ናቸው፤ ርግቦቹ በመስኮቱ ወጥተው ራሳቸውን መግበው ስለሚመለሱ፣ ለተከበበች ከተማ ያለ ድካም ሥጋ የሚያስገኙ ነበሩ። ከኖራ ጋር ተቀላቅሎ ውሃ የማይበግረው ልስን የሚሆነው ፖዞላናም ከዚሁ ከቤቶቹ ሥር ይወጣ ነበር። ስለዚህ ከላይ የተገነባው ሁሉ ከታች በተወሰደው ልክ ነው ማለት ይቻላል።

ሐዲድ፣ ቧንቧና ናዳ

በ1860 ኦርቪዬቶ ከጳጳሳቱ ግዛት ወጥታ ወደ አዲሱ የኢጣሊያ መንግሥት ተጠቃለለች። ጥቂት ቆይቶም የባቡር ሐዲድ በሸለቆው ውስጥ አለፈ፤ ጣቢያው ግን ከታች፣ ከተማይቱ ከላይ ሆኑ። የአገሩ ተወላጅ መሐንዲስ አዶልፎ ብራቺ ሁለቱን ለማገናኘት በ1888 በገመድ የሚሳብ ባቡር ሠራ። ኃይሉ ውሃ ነበር፤ ከላይ የቆመው ፉርጎ በጋኑ ውሃ ተሞልቶ በክብደቱ ሲወርድ የታችኛውን ይስበዋል፤ ግርጌ ሲደርስም ውሃውን ይደፋል። ይህ ባቡር እስከ 1970 አገልግሎ ከተዘጋ በኋላ፣ በ1990 በኤሌክትሪክ የሚሠራ ሆኖ እንደገና ተከፍቷል። የመስመሩ ርዝመት 580 ሜትር ያህል ነው።

ዘመናዊው ኑሮ ለአምባው ከዚህ ቀደም ያላየውን የውሃ ብዛት አመጣ። በጥንት ጊዜ እያንዳንዱ ቤተሰብ ከጉድጓድ የቀዳውን ውሃ በቁጥብነት ይጠቀም ስለነበረ ወደ መሬት የሚመለሰው ጥቂት ነበር። በቧንቧ የመጣው ውሃ ግን በየቤቱ ተትረፈረፈ፤ የፍሳሽ ማስወገጃ ቦዮቹ ደግሞ ያረጁና የተሰነጣጠቁ ነበሩ። ከቧንቧውም ከቦዩም የሚያንጠባጥበው ውሃ በቱፎው ስንጥቆች እየሰረገ ወደ ሸክላው ወረደ፤ ከፊሉም ከገደሉ ጫፍ በቀጥታ ይደፋ ነበር። ሸክላው ውሃ ሲጠጣ ይለሰልሳል፤ በላዩ የተቀመጠው ድርቅ ያለ ድንጋይ አብሮት መለጠጥ አይችልምና ከገደሉ ጋር ትይዩ በሆኑ ስንጥቆች ይከፈላል። ከዚያም ዳርቻው ከነዋሻው፣ ከነቅጥሩ ተገንጥሎ ይወድቃል። በ1900 በሰሜኑ ተዳፋት ትልቅ የመሬት መንሸራተት ደርሶ ነበር። በ1970ዎቹ ዓመታት መጨረሻ ናዳው ተደጋገመ፤ በ1979 ደግሞ በደቡቡ በኩል በካኒቼላ ተዳፋቱ ተንሸራተተ። 2,000 ዓመት ውሃ አጥታ የተቸገረች ከተማ በውሃ ብዛት ልትጠፋ ተቃረበች።

የኢጣሊያ ምክር ቤት በ1978 ኦርቪዬቶንና በተመሳሳይ አደጋ ላይ የነበረችውን ቶዲን ለማዳን ልዩ ሕግ አወጣ፤ በ1987ም ሥራው በሰፊው እንዲቀጥል ሌላ ሕግ ተከተለ። የተወሰደው እርምጃ ገደሉን ብቻ የሚመለከት አልነበረም። በገደሉ በኩል የላሉት ድንጋዮች በረጃጅም የብረት ዘንጎች ከጤናማው ድንጋይ ጋር ተሰፉ፤ ስንጥቆቹ በቀጭን የሲሚንቶ ብጥብጥ ተሞሉ። በተዳፋቱ ላይ ውሃ የሚያጠፉ ቦዮችና መውረጃዎች ተሠሩ። ከሁሉም የሚበልጠው ግን በከተማይቱ መንገዶች ሥር የተካሄደው ሥራ ነው፤ የውሃ ቧንቧውና የፍሳሽ ቦዩ መረብ ከነጭራሹ ታድሶ ፍሳሹ ተሰብስቦ ወደ ሸለቆው እንዲወርድ ተደረገ። ለገደሉ የቀረበው መድኃኒት ምልክቱን የሚያክም ሲሆን፣ በመንገዱ ሥር የተቀበረው ግን የበሽታውን ምክንያት የሚነካ ነበር። በድንጋዩ ውስጥ የተተከሉ መለኪያዎችም እንቅስቃሴውን እንዲከታተሉ ተደረገ።

የዛሬይቱ ኦርቪዬቶ

ከዚህ ሥራ ጋር ተያይዞ የተሽከርካሪ ብዛት እንዲቀንስ ታቀደ። መኪናዎች በአምባው ግርጌ ቆመው ሕዝቡ በድንጋዩ ውስጥ በተፈለፈሉ መተላለፊያዎች በአሳንሰርና በተንቀሳቃሽ ደረጃ ወደ ከተማይቱ ይወጣል። በ1999 የትንንሽ ከተሞችን የተረጋጋ አኗኗር ለመጠበቅ የተቋቋመው «ቺታስሎው» የተባለው የከተሞች ማኅበር መቀመጫውን በኦርቪዬቶ ማድረጉም ከዚህ መንፈስ ጋር የሚስማማ ነው። በአምባው ግርጌ «ካምፖ ዴላ ፊዬራ» በተባለው ስፍራ ከ2000 ጀምሮ በተካሄደው ቁፋሮ የተገኘው ሰፊ መቅደስም፣ የኤትሩስክ ከተሞች ሁሉ በየዓመቱ ይሰበሰቡበት የነበረው የቮልቱምና መቅደስ እንደሆነ በብዙ ሊቃውንት ይታመናል።

ጎብኚ በሁለት ቀን ውስጥ ዋና ዋናዎቹን ሊያይ ይችላል። በባቡሩ ሲወጣ በመጀመሪያ የሚያገኘው በ1364 በካርዲናል አልቦርኖዝ ትእዛዝ የተሠራውን ምሽግና የሳንጋሎን ጉድጓድ ነው፤ በአጠገቡም የኤትሩስክ ቤተ መቅደስ መሠረት አለ። ከዚያ ዋናው መንገድ ወደ ሞሮ ማማና ወደ ካቴድራሉ ያደርሰዋል። በምዕራቡ ጫፍ፣ በ1004 የተመሠረተችው የሳን ጆቬናሌ ቤተ ክርስቲያን የጥንቱን ጸጥታ እንደያዘች ትገኛለች።

ካቴድራሉ ሲታይ ይደነቃል፤ ጉድጓዱም የአሠሪውን ትጋት የሚያወድስ ጽሑፍ አለው። ከ1978 በኋላ በመንገዶቹ ሥር ስለተዘረጋው ቦይና በገደሉ ውስጥ ስለተቀበረው ብረት ግን የሚያስብ ጎብኚ ጥቂት ነው። ይሁን እንጂ የማይታኒ ቅርጽና የሲኞሬሊ ሥዕል ዛሬ ቆመው የሚታዩት በእነዚህ በማይታዩ ሥራዎች ነው። ሥራውም አንድ ጊዜ ተሠርቶ የሚያበቃ አይደለም፤ ቧንቧ ያረጃል፣ ቦይ ይደፈናል፣ ብረት ይዝጋል። ለአንድ ከተማ ውሃ የሚያመጣ መሐንዲስ የውሃውን መውጫ አብሮ ካላቀደ፣ ካቀደም በኋላ ለጥገናው ገንዘብና ሰው ካልተመደበ፣ በጎ ሥራው ራሱ ለጥፋት ምክንያት ሊሆን እንደሚችል የኦርቪዬቶ አምባ ያስተምራል።